ወንድሜ ድግስ የሚለው ነገር

ወንድሜ በሕይወቱ አንድ እንቁላል እንኳን ደህና አድርጎ ቀቅሎ አያውቅም። ወይ ይፈነዳበታል ወይ ጭራሽ ይረሳዋል። እናቴ ግን ታላቁ ልጇ ደጋሽ መሆኑን ለቤተ ክርስቲያኑ ሰው ሁሉ ተናግራ ጨርሳለች። «ልጄ እኮ ስንቱን ሰው ነው የሚጠራው» ትላለች። መጥራቱስ እውነት ነበር። የሚጠራው ግን እንዲደባደቡ ነው።

ከመጀመሪያው ልጀምር። በሁለት ሺዎቹ መጨረሻ ገደማ ወንድሜ በደቡብ ስቶክሆልም የቅልቅል ፍልሚያ ውድድር ያዘጋጅ ነበር። ቅልቅል የሚባለው ቦክሱም፣ ርግጫውም፣ ትግሉም፣ አንገት ማነቁም አንድ ላይ ስለሚፈቀድ ነው። ተፋላሚዎቹ የሰፈር ልጆች ናቸው። ቀን አውቶቡስ የሚነዳ አለ፣ አረጋውያን ቤት የሚሠራ አለ፣ ምንም የማይሠራም አለ። ትልቅ ነገር አልነበረም። ቦታው የትምህርት ቤት ስፖርት አዳራሽ፣ ተመልካቹ የተፋላሚው ዘመድ፣ ሽልማቱ ከሻርሆልመን ገበያ የተገዛ ዋንጫ። ወንድሜ ግን ማይክሮፎን ሲይዝ የዓለም ሻምፒዮና የሚያስተዋውቅ ነበር የሚመስለው።

ድግስ የሚለው ቃል የመጣው ቮርቢ ጎርድ ካለው ቤታችን ኩሽና ነው። አንድ ቅዳሜ ጠዋት እናቴ ከልጆቹ ጋር ሲለማመድ ያበጠ ዓይኑን አይታ፣

«ደግሞ ዛሬ የት ልትሄድ ነው?» አለችው።

«ድግስ አለብኝ» አላት።

በቃ። እኔ ሻዬን ይዤ ቆሜ ነበር። ደረጃው ላይ ስንወርድ «ለምን ትዋሻታለህ?» አልኩት።

«የቱ ጋ ነው ውሸቱ? ሰው ይጠራል። ወንበር ይደረደራል። ሙዚቃ አለ። መጨረሻ ላይ አንድ ሁለት ሰው ይወድቃል። ከሰርግ በምን ይለያል?»

ተፋላሚዎቹ የሚገቡበት ሽቦ አጥር አለ። ስምንት ማዕዘን ነው፤ ብረቱና ሸራው ተነቃቅሎ ከሕንፃችን ሥር ባለችው የዕቃ ክፍላችን ይቀመጣል። እናቴ አንድ ቀን የክረምት ካፖርቷን ልታወጣ ወርዳ አገኘችው።

«ይሄ ምንድነው?»

«የድግሱ ድንኳን ነው፣ እማዬ።»

«ሽቦውስ?»

«ነፋስ እንዳይወስደው።»

አመነችው። በደንብ አመነችው። ድንኳን ያለው ልጅ እንዳላት ለሰው ሁሉ አወራች። ለሰርግ ልንዋሰው ነው ብለው ሁለት ቤተሰብ ደውለዋል። ወንድሜ ግን ድግስ የሚለው ቃል ለጊዜው ነው ይል ነበር። «አንድ ቀን አምጥቼ ከፊት ወንበር አስቀምጣታለሁ። ታያለች። ከዚያ ትሰድበኛለች። ከዚያ ይበቃታል።»

ሳያመጣት ታመመ። የደም ካንሰር ነው። እስከ ቀጣዩ ዓመት ለሚዘልቁ አራት ውድድሮች አራት ቅዳሜ ይዞ ነበር፤ የመጀመሪያውና የመጨረሻው ሻርሆልመን፣ የመሐል ሁለቱ ፋርስታ። አዳራሽ የምታከራየው የማዘጋጃ ቤቱ ሴትዮ አንዷን እንኳን ካጎደለ የቀሩትን ለኢነባንዲ እንደምትሰጥ ነግራዋለች። ኢነባንዲ ያ ቀዳዳ በቀዳዳ የሆነችውን የፕላስቲክ ኳስ በዱላ የሚያሯሩጡበት ጨዋታ ነው። ወንድሜ ከካንሰሩ ይልቅ ኢነባንዲን ይጠላ ነበር።

የመጀመሪያውን ራሱ አደረገው። የሱፍ ቆብ አጥልቆ፣ ወንበር ላይ ተቀምጦ፣ ማይክሮፎኑን ጭኑ ላይ አድርጎ። «ይቅርታ፣ መነሳት አልችልም» አለ በስዊድንኛ። «ስፖርት ሳልሠራ ሁለት የክብደት ምድብ ወርጃለሁ። የላባ ሚዛን ተጋጣሚ ካለ ይምጣ።» ሰው ሳቀ። እኔ አልሳቅሁም። ኋላ ግን ለብቻዬ ስሆን ሳቅሁ።

ሆስፒታል ውስጥ ያለን የመጨረሻ ንግግር ይሄ ነው። ከዚያ የተሻለ ብናወራ ደስ ይለኝ ነበር፤ አላወራንም።

«አንዷ አለቀች። ሦስቱ ያንተ ናቸው» አለኝ።

«እኔ መናገር አልችልም።»

እውነት ነው። ሰው ፊት ስቆም ቃሉ ይያዝብኛል። ሁለተኛ ደረጃ ስጨርስ እንኳን ስሜን ጠርተውኝ «አለሁ» እስክል ሰልፉ አልፎኝ ሄዶ ነበር።

«ማይክሮፎኑ ይናገራል። አንተ ዝም ብለህ ያዘው።»

«እማዬስ?»

«እማዬን ለአራተኛው አመጣታለሁ። ማለቴ አንተ ታመጣታለህ። ትይና ትስደበኝ።»

«ሞተህ እንዴት ትሰድብሃለች?»

«እናታችንን አታውቃትም እንዴ?»

በዚያው ሳምንት፣ ኖቬምበር መጨረሻ ላይ፣ ሞተ። ጎረቤቶቻችን መስኮታቸው ላይ የገና ኮከብ መብራት መስቀል ሲጀምሩ ነበር።

ልቅሶው ላይ እናቴ ደረቷን እየመታች «ሰው ጠርቶ የማይጠግበው! ድግሱ የማያልቅበት!» እያለች ታለቅሳለች። ፊት ለፊቷ ተፋላሚዎቹ ተደርድረው ተቀምጠዋል። አንዱ ቅንድቡ ተሰፍቷል። አንዱ ጆሮው እንደ ተቆላ ባቄላ ሆኗል። የፋርስታው ልጅ የምንለው፣ ወንድሜ በጣም የሚወደው የቺሊ ልጅ፣ አፍንጫው ወደ ግራ ዞሯል፤ አማርኛ አይሰማም ግን እናቴ ድምፅ ባሰማች ቁጥር ያለቅሳል። የቤተ ክርስቲያኑ የሴቶች ማኅበር ሰብሳቢ የሆኑት እትዬ ወደኔ ጠጋ አሉ።

«እነዚህ እነማን ናቸው?»

«ድግሱ ላይ አብረውት የሚሠሩ ናቸው፣ እትዬ።»

«አስተናጋጆች?»

«እ... አዎ።»

«አስተናጋጅ አፍንጫው እንዲህ ይጣመማል?»

«የስዊድን ኩሽና በሩ ጠባብ ነው።»

አይተውኝ አይተውኝ ጉልበቴን ነካ አድርገው «አይዞህ። እንኳን ተገላገለ ልጄ፤ ሥቃይ በዝቶበት ነበር» አሉኝ። በዚያ ቀን ይሄንን ቃል ከስንት ሰው እንደሰማሁ አላውቅም። ተገላገለ። እኔ እስከማውቀው ወንድሜ ምንም አልተገላገለም። ሦስት ቅዳሜ ቀርቶት ነው የሄደው። ሰውዬው ሥራ ላይ ነበር። ለእትዬ ይሄን ልል አፌን ከፈትኩ፤ ቃሉ ተያዘ። እንኳንም ተያዘ።

ሁለተኛው ውድድር ፋርስታ፣ ፌብሩዋሪ። ውጭው በረዶ ነው። አዳራሹ ግማሽ ሞልቷል፤ ግማሹ ወንድሜን ሊያስቡ የመጡ ናቸው። ማይክሮፎኑን ያዝኩ። ተፋላሚውን ለማስተዋወቅ በስዊድንኛ «በቀዩ ጥግ» ማለት ነበረብኝ። ቀይ በስዊድንኛ በ«ር» ይጀምራል። «ር» አልኩ። «ር... ር... ር...» ብርድ እንደያዘው መኪና። ወደ በሩ አየሁ። ልሮጥ ነበር፣ አልዋሽም። ያኔ ከኋላ ወንበር አንዱ እግሩን መሬት መምታት ጀመረ። ቀጥሎ ሌላው። አዳራሹ በሙሉ እየረገጠ «ርርርር» አለ። ሆን ብዬ የማደርገው መስሏቸዋል! ቃሉ በመጨረሻ ሲወጣ ጣሪያው ሊነሳ ምንም አልቀረው።

የፋርስታው ልጅ ተፋልሞ፣ አሸንፎ፣ ፎጣ አንገቱ ላይ አድርጎ መጣ። «ወንድምህ ነፍሱን ይማረውና ወሬ ያበዛ ነበር» አለኝ። «ያንተ ይሻላል። ደም ያሞቃል።»

ተቀየምኩት። ደስም አለኝ። ሁለቱም አንድ ላይ ይሆናል፣ ያኔ ነው ያወቅሁት።

ሦስተኛውም ፋርስታ ነበር፣ ሜይ። ስለሱ ብዙ የሚባል የለም። ፀሐይ ወጣች። ስቶክሆልም ውስጥ በሜይ ፀሐይ ከወጣች ሰው ወላጁም ቢፋለም ቤት ውስጥ አይቀመጥም። ሁሉም ሣር ላይ ሥጋ ሊጠብስ ሄደ። ዋናው ፍልሚያ እኔ የጫማዬን ክር አጎንብሼ ሳስር አለቀ፤ ቀና ስል አንደኛው ተኝቷል። «ማን አሸነፈ?» ብዬ በማይክሮፎን ጠየቅሁ። ተመልካቹ ነገረኝ።

አራተኛው ከወንድሜ ሙት ዓመት ጋር ገጠመ። እናቴ ለሙት ዓመቱ የቤተ ክርስቲያኑን አዳራሽ ብትጠይቅ፣ ቅዳሜውን ሌሎች ለክርስትና ይዘውት ነበር። እስከ መቼ እንደሚጠበቅ ግራ ገብቷት ከሥራ ቦታዋ፣ በምሳ ሰዓቷ፣ ደወለችልኝ። እኔ ደግሞ ስንት ጊዜ ስለማመደው የከረምኩት አንድ ነገር አለኝ። እንዲህ ነበር የምለው። ቅዳሜ ሻርሆልመን የወንድሜ የመጨረሻው ድግስ አለ። እንድትመጪ እፈልጋለሁ። ግን ድግስ አይደለም፤ ምን እንደሆነ ልንገርሽ።

«ቅዳሜ ሻርሆልመን የወንድሜ የመጨረሻው ድግስ አለ» አልኩ። ጥሩ ወጣ። ቀጥሎ «እ... እ... እ...» ብዬ ተቸነከርኩ።

«የሱ ድግስ?» አለች። «እሱ ራሱ ያሰበው?»

«አዎ። እሱ ነው አዳራሹን የያዘው። ግን እ... እ...»

«በቃ፣ በቃ፣ አታልቅስ» አለችኝና ስልኩ ተዘጋ። እያለቀስኩ አልነበረም። በሚቀጥሉት ቀናት ከቤት ስትወጣ ስትገባ ስልኩ ከጆሮዋ አልወረደም። ብቻዋን ላገኛት አልቻልኩም። ወይም ብዙም አልፈለግሁም፤ እንደዚያም ሊሆን ይችላል። ዓርብ ዕለት ምንም ሳልላት ቀረሁ። ለእናቴ መንገር የነበረብኝ አንድ ነገር ነበር፣ እሱኑ እንደያዝኩ ቅዳሜ ደረሰ።

ከቀትር በኋላ ነው የጀመርነው። አዳራሹን የሚጠብቀው ስዊድናዊ ሽማግሌ በሩ ላይ ቆሟል። ይህ ሰው ደም አያስጨንቀውም። የሚያስጨንቀው ወለሉ ነው። ጥቁር ሶል ያለው ጫማ ወለሉን ይጭራል ብሎ የመጣውን ሁሉ እግር ያነሣል፤ ሶሉ ጥቁር ከሆነ ሰማያዊ ላስቲክ ያለብሰዋል። የፋርስታው ልጅ ሦስተኛው ፍልሚያ ላይ አጥሩ ውስጥ ገባ። ከተጋጣሚው ጋር ገና መሬት ላይ ተያይዘው ሳሉ የአዳራሹ በር ተከፈተ።

መጀመሪያ ያየሁት ድስት ነው። ከአዳራሹ ጎን ካለው ሱፐርማርኬት በመጣ ጋሪ ላይ ትልቅ ድስት፣ ከኋላው ሌላ ጋሪ፣ ሌላ ድስት፣ በጨርቅ የተሸፈነ እንጀራ። ከጋሪው ኋላ እናቴ ከላይ እስከ ታች ጥቁር ለብሳ። ከሷ ኋላ የሴቶች ማኅበሩ በሙሉ። ከሁሉም ኋላ ቄሱ፣ አባ፣ መስቀላቸውን ይዘው። ሁሉም እግራቸው ላይ ሰማያዊ ላስቲክ አጥልቀዋል። ሽማግሌው አንዳቸውንም አላለፈም፤ አባንም ጭምር።

ያኔ ገባኝ። ወንድሜ የራሱን ሙት ዓመት ደግሶ ሞተ ብላ ነው ለሰው የነገረችው።

አባ ሽቦ አጥሩን ቀና ብለው አዩና «ይሄ ምንድነው ልጄ? ዶሮ ልታረቡ ነው?» አሉኝ።

መልስ ከመስጠቴ በፊት እናቴ አጥሩ ውስጥ ያለውን አየች። የፋርስታው ልጅ ከታች ነው፤ ሌላው ጀርባው ላይ ወጥቶ አንገቱን ይዞታል። በልቅሶው ጊዜ ፊቷ ተቀምጦ ያለቀሰው ልጅ መሆኑን ለየች። ጋሪውን ለቀቀች።

«ኧረ ገላጋይ! ገላጋይ የለም ወይ እዚህ አገር?!»

አዳራሹ በሙሉ ዞረ። እናቴ በሰማያዊ ላስቲኳ እየተንሸራተተች ወደ አጥሩ ሄደች። ማይክሮፎኑን እንደያዝኩ ተከትዬ ሮጥኩ።

«እማዬ፣ ገላጋይ አለ። ያ ጥቁር ሸሚዝ የለበሰው።»

ዳኛው ግዙፍ የፊንላንድ ሰው ነው። ጎንበስ ብሎ የፋርስታውን ልጅ ፊት በጥሞና ያያል።

«ታዲያ ምን ያፈጣል? ለምን አይገላግልም?»

«ሳይበቃው አይገላግልም።»

«መቼ ነው የሚበቃው? ሲሞት?»

ያቺ ቃል በማይክሮፎኑ ወጣች። «ራሱ ነው የሚናገረው» አልኩ። «በእጁ መሬቱን ሲመታ። በቃኝ ማለቱ ነው።»

የፋርስታው ልጅ ያኔ መታ። እናቴን የሰማ ይመስል። ዳኛው መሐላቸው ዘሎ ገባና እጆቹን አስገብቶ ለያያቸው። ሁለቱ ተነሥተው ተቃቀፉ። እናቴ ሽቦውን በሁለት እጇ ይዛ ታያለች።

«ገላገላቸው» አለች ቀስ ብላ።

«ገላገላቸው።»

ከዚያ ወደኔ ዞረች። «ድግሱ ይሄ ነው?»

ቃሉ እንደሚያዝብኝ አውቄ ነበር። አልተያዘም። «ይሄ ነው፣ እማዬ። ሁሌም ይሄ ነበር። ድንኳኑም ይሄ ነው። ዛሬ ሊያመጣሽ ነበር። ከፈለግሽ እንድትሰድቢው ብሎኛል።»

ሽቦውን አየች። ወንበሮቹን አየች። የተሰፋ ቅንድብ ያላቸውን አስተናጋጆች አንድ በአንድ አየች። በመጨረሻ ግድግዳው ጥግ፣ ጠረጴዛ ላይ፣ የፕላስቲክ ሰሐንና በውሃ የተቀቀለ ቋሊማ አየች።

«የሚበላው እሱ ነው?»

«አዎ።»

«ሰው ጠርቶ ቋሊማ?»

«እ...»

«ይሄ ሁሉ ሰው በልጄ ስም ተጠርቶ፣ ዓመት ሙሉ፣ ቋሊማ?!» ፊቷ ተለዋወጠ። ስድቡ መጣ፤ ወንድሜ እንዳለው መጣ። እሱን እንዲህ ስትሰድብ ከሞተ ወዲህ ሰምቻት አላውቅም። ያልተማረ አለችው፣ ያላሳደግሁት አለችው፣ ሰው ፊት ያዋረደኝ አለችው። ስለ መደባደቡ አንድ ቃል አላለችም። አባ «ተይ እንጂ፣ የሞተ ሰው ነው» ሲሏት «አባ፣ እርስዎ ዝም ይበሉ፣ ልጄን ነው» አለቻቸው። እኔ ጥርሴን ነክሼ ነው የቆምኩት፤ ሳቅ ይሁን ሌላ ነገር አሁንም አላውቅም።

ሲወጣላት ነጠላዋን አስተካከለች። «ምን ያህል ቀረህ?»

«ሁለት ፍልሚያ።»

«ጨርስ። ከዚያ ይበላል።»

ጨረስኩ። ማኅበሩ በሙሉ የፊት ወንበር ላይ ተቀምጦ አየ። እትዬ ሁለተኛው ዙር ላይ «ኧረ በግራህ! በግራህ!» ሲሉ በጆሮዬ ሰምቻለሁ፤ ኋላ ካዱ። መጨረሻ ላይ ማይክሮፎኑን ይዤ በስዊድንኛ ሁላችሁም ብሉ አልኩ፤ የመጀመሪያው ፊደል ላይ ተቸነከርኩና አዳራሹ እግሩን እየረገጠ ጠበቀኝ።

ተፋላሚዎቹ ጓንታቸው ገና አልተፈታም፣ እጃቸው በፕላስተር ተጠቅልሏል። እናቴ «በምን እጃቸው ይበላሉ?» ብላ ማጉረስ ጀመረች።

«ማነው የተሸነፈው?»

«የፋርስታው ልጅ።»

«መጀመሪያ ለሱ።»

ከንፈሩ ተተርትሯል። ጉርሻው ትልቅ ነው፣ በርበሬው የእናቴ ነው። እንደዋጠ እንባው ዱብ ዱብ አለ። እናቴ በርበሬው መሆኑን አላወቀችም፤ ወይም አውቃ ነው። «አልቅስ ልጄ፣ አልቅስ» አለችው። እሱ ሲያለቅስ እትዬ አለቀሱ፣ እትዬ ሲያለቅሱ ማኅበሩ ተከተለ። ፊንላንዳዊው ዳኛ ሰሐኑን ይዞ በመሐላቸው ቆመ፣ ማንን ከማን እንደሚገላግል ግራ ገብቶት። አባ ቆመው ጸሎት አደረሱ። የአዳራሹ ሽማግሌ ቆቡን አውልቆ፣ በሌላው እጁ መወልወያውን እንደያዘ፣ የቅርጫት ኳሱ መስመር ላይ የወደቀችውን የወጥ ጠብታ ብቻ እያየ አዳመጠ። ያቺ ጠብታ አልለቀቀችም። ዛሬም ኢነባንዲ ይጫወቱባታል።

ብረቱን ስንፈታ እናቴ ወንበር ላይ ተቀምጣ፣ ሰማያዊ ላስቲኩን ከእግሯ እያወለቀች፣ በረጅሙ ተነፈሰች።

«አራቱም አለቁ?»

«አለቁ።»

«እፎይ። አሁን ተገላገለ።»

በዚያች ጊዜ ቃሉን አልጠላሁትም። ብረቱን ተሸክሜ ወጣሁ።

አጥሩ አሁንም ከሕንፃችን ሥር ባለችው የዕቃ ክፍል አለ። ልሸጠው ስል እናቴ ከለከለችኝ። ሰው ከጠየቃት የልጄ ድንኳን ነው ትላለች። ሽቦውስ ለምንድነው ሲሏት፣ ነፋስ እንዳይወስደው።